የመረብ ማደሪያ፤ ከሐማሴን ተዳፋት እስከ ከሰላ አሸዋ

«ዓባይ ማደሪያ የለው፣ ግንድ ይዞ ይዞራል» እያሉ አባቶቻችን መተረታቸው የታወቀ ነው። በካርቱም ከተማ፣ ሁለቱ ወንዞች በሚገናኙበት ስፍራ ቆሞ የክረምቱን ድፍርስ ውሃ የተመለከተ ሰው ይህ ተረት በከንቱ እንዳልተነገረ ይረዳዋል፤ ከጎጃምና ከወሎ፣ ከሸዋና ከወለጋ ተጠርጎ የመጣው ዐፈር በዚያ በኩል አልፎ ወደ ሰሜን ሲጓዝ በዓይን ይታያልና። ነገር ግን ከሰሜኑ ደጋችን ተነሥቶ፣ እንደ ዓባይ ወደ ሱዳን በረሓ ወርዶ፣ ካርቱምን ሳያይ በመንገድ የሚቀር አንድ ወንዝ አለ። ይህ ወንዝ ማደሪያ አለው፤ ማደሪያውም ከከሰላ ከተማ በስተ ሰሜን የተዘረጋው የአሸዋና የደለል ሜዳ ነው። የላይኛው አገር ሰው መረብ ይለዋል፤ የታችኛው አገር ሰው ጋሽ ይለዋል።

መረብ ካርቱም አይደርስም፤ ዕድሉ ግን ብዙ ጊዜ የተወሰነው በካርቱም ነው። ከቱርክና ከግብጽ ዘመን ጀምሮ ስለ ውሃው ትእዛዝ የወጣው፣ ውል የተረቀቀው፣ ለእርሻው ደንብ የተጻፈው በዚያች ከተማ ከተቀመጡ ገዦች ዘንድ ነበር። ይህ አጭር ጽሑፍ የሚተርከው ያንን ታሪክ ነው። ነገሩን በቅደም ተከተል ለተመለከተው አንድ ጉዳይ ጎልቶ ይታያል፤ ይኸውም በየዘመኑ የመጡት ባለ ሥልጣኖች ሁሉ የተከራከሩት ስለ ውሃው ሲሆን፣ የወንዙን ኑሮ ሲያበጅና ሲያበላሽ የኖረው ግን ውሃው ተሸክሞት የሚወርደው ዐፈር መሆኑ ነው።

በመጀመሪያ የአገሩን አቀማመጥ መረዳት ያስፈልጋል። መረብ የሚነሣው ከአሥመራ በስተ ደቡብ ምዕራብ፣ ከባሕር ወለል በላይ ከ2 ሺህ ሜትር ከሚበልጠው ከሐማሴን ደጋ ነው። ቀድሞ የባሕር ነጋሽ መቀመጫ የነበረችውን ድባርዋን አልፎ ወደ ደቡብ ይወርድና፣ ከዚያ ወደ ምዕራብ ታጥፎ በኤርትራና በትግራይ መካከል ወሰን ይሆናል። በታሪካችን «መረብ ምላሽ» የሚለው ስም የተገኘው ከዚሁ ነው፤ ከወንዙ ማዶ ያለው አገር ማለት ነው። በ1868 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1875) ዓፄ ዮሐንስ የግብጽን ጦር የመቱበት ጉንደትም የሚገኘው በዚሁ በመረብ ሸለቆ አጠገብ ነው። ወንዙ ቀጥሎ የኩናማን ቆላ ያቋርጣል፤ በተሰነይ በኩል ያልፋል፤ በመጨረሻም 500 ሜትር ያህል ከፍታ ወዳላት ወደ ከሰላ ይደርሳል። ውሃው ከየተዳፋቱ እየተጠራቀመ ወደ አንድ መውረጃ የሚገባበት አገር ተፋሰስ ይባላል፤ የመረብ ተፋሰስ እስከ ከሰላ ድረስ ያለው ስፋት ወደ 21 ሺህ ካሬ ኪሎ ሜትር ይገመታል።

መረብ እንደ ዓባይ ዓመቱን ሙሉ የሚፈስ ወንዝ አይደለም። በደጋው ክረምት ሲገባ፣ ከሐምሌ እስከ መስከረም ባለው ጊዜ ደራሽ ውሃ ሆኖ ይመጣል፤ በቀረው ወራት ግን ግመልና ፍየል የሚሄዱበት ደረቅ የአሸዋ ጎዳና ነው። የአንዱ ዓመት ውሃ ከሌላው ዓመት ውሃ በብዙ እጥፍ ሊበልጥ ወይም ሊያንስ ይችላል። በከሰላ የሚዘንበው ዝናም ብቻውን እህል ለማብቀል የማይበቃ ስለሆነ የዚያ አገር ገበሬ የሚኖረው በገዛ ሰማዩ ዝናም ሳይሆን በሐማሴንና በሠራዬ፣ በትግራይም ሰማይ በዘነበው ዝናም ነው።

ወንዙ ከሰላን ካለፈ በኋላ የሚይዘው ተዳፋት ስለሌለ ኀይሉ ይደክማል። የደከመ ውሃ ደግሞ ጭነቱን መሸከም አይችልምና ዐፈሩን ይጥላል፤ በጣለው ዐፈር መንገዱ ሲደፈንበት ወደ ጎን ተገፍቶ ሌላ መውረጃ ያወጣል። እንዲህ እያደረገ በብዙ ሺህ ዓመት ውስጥ የሠራው እንደ ማራገቢያ የተዘረጋ የደለል ምድር ዛሬ የጋሽ ደልታ የሚባለው ነው። በዚህ ምድር እህል የሚበቅለው በአንድ ጊዜ ውሃ ብቻ ነው። ጎርፉ መሬቱን ለጥቂት ሳምንታት ያጥለቀልቀዋል፤ ውሃው ሲሰርግ ገበሬው ዘሩን ይዘራል፤ ከዚያ በኋላ ሌላ ጠብታ ሳይወርድ ማሽላው በጥልቁ ደለል ውስጥ የተከማቸውን እርጥበት እየጠጣ ያፈራል። ወደ ምድር ውስጥ የሰረገው ውሃም ከወንዙ ሥር ተከማችቶ ለከሰላ ሕዝብ የጉድጓድ ውሃ፣ ለሙዝና ለብርቱካን አትክልቱም ማጠጫ ይሆናል። ስለዚህ የደልታው ጸጋ ሁለት ነው፤ አንዱ ውሃው፣ ሌላው ውሃውን የሚይዘው ዐፈር።

የዚህ ምድር የጥንት ተጠቃሚዎች ከቤጃ ሕዝብ ወገን የሆኑት ሐደንደዋ ናቸው። ኑሯቸው በግመልና በከብት እርባታ ላይ የተመሠረተ ሲሆን፣ ጎርፉ በሸሸበት መሬት ማሽላ ይዘሩ፣ በድርቁ ወራትም መንጋቸውን በደልታው ሣርና ቁጥቋጦ ያሰማሩ ነበር። ለሐደንደዋ ደልታው ማለት የማሽላ ጎተራና የክፉ ቀን መሸሸጊያ ማለት ነበር።

ይህንን በሚገባ ከተረዱት ሰዎች አንዱ ጠላታቸው ነው። በ1832 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1840) ካርቱም ላይ ተቀምጦ ሱዳንን በግብጽ ስም ይገዛ የነበረው አሕመድ ፓሻ አቡ ዊዳን ሐደንደዋን አስገብሮ ግብር ለማስከፈል ወደ ታካ አገር ዘመተ፤ የከሰላ ከተማም በጦር ሰፈርነት የተቈረቈረችው በዚያው ጊዜ ነው። ፓሻው ሕዝቡን በጠመንጃ ብቻ ማንበርከክ እንዳልተቻለ ባየ ጊዜ የጋሽን ውሃ ገድቦ ወደ አትባራ በኩል ለማዞርና ደልታውን በጥም ለመቅጣት አሰበ። ግድቡም ተሠራ፤ ነገር ግን አልቆመም፣ ተጣሰ። ውሃን እንደ ጦር መሣሪያ ለመጠቀም የተደረገው ይህ ሙከራ ለኋለኞቹ ሁሉ ምሳሌ ሆኖ ሊቀር ይገባ ነበር፤ አሸዋና ደለል ተሸክሞ የሚመጣ ደራሽ ውሃ ለትእዛዝ በቀላሉ እንደማይገዛ ያሳያልና።

ከዚያ በኋላ የመጣው ዘመን የወሰንና የውል ዘመን ነው። ኢጣልያ በኤርትራ ከተቀመጠች በኋላ በ1886 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1894) ከሰላን ያዘች፤ በ1890 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1897) ታኅሣሥ ላይም ለቀቀች። በ1892 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1900) ዓፄ ምኒልክ ከኢጣልያ ጋራ ባደረጉት ውል መረብ፣ በለሳና ሙና የኢትዮጵያና የኤርትራ ወሰን ሆኑ። በ1894 ዓ.ም. መጀመሪያ (እ.ኤ.አ. 1901) ኢጣልያና እንግሊዝ በሮማ ባወጡት መግለጫ፣ ኢጣልያ በመረብ ውሃ የመጠቀም መብቷን ሳትለቅ የውሃውን አያያዝ በመልካም ጉርብትና እንደምታስተካክል ተናገረች። በዚያው ዓመት ግንቦት ላይ (እ.ኤ.አ. 1902) ዓፄ ምኒልክ ከእንግሊዝ ጋራ የተዋዋሉት ውል ደግሞ ስለ ዓባይ፣ ስለ ጣናና ስለ ሶባት ይናገራል፤ ስለ መረብ ግን ምንም አያነሣም። ስለዚህ ከተፋሰሱ አንዱን ወገን የያዘችው ኢትዮጵያ ስለ መረብ ውሃ በተደረገው ንግግር ሳትጠየቅ ቀረች።

ሦስተኛው ዘመን የጥጥ ዘመን ነው። ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የእንግሊዝ ፋብሪካዎች ረጅም ጭረት ያለው ጥጥ በብርቱ ይሹ ስለነበር የሱዳን መንግሥት ዓይኑን በሁለት ቦታ ላይ ጣለ፤ አንዱ በጥቁር ዓባይ አጠገብ ያለው ገዚራ፣ ሁለተኛው የጋሽ ደልታ ነበር። የከሰላ የጥጥ ኩባንያ ተቋቁሞ ሥራውን ያዘ፤ ጥጡን ወደ ፖርት ሱዳን የሚያደርስ የምድር ባቡር ሐዲድም ከሀያ ጣቢያ ተነሥቶ በ1916 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1924) ከሰላ ገባ። ውሃው እንደ ቀድሞው እንደ ልቡ እንዳይፈስ ከወንዙ ዳር ቦዮች ተቈፈሩ፤ ከጊዜ በኋላም ደልታው ከሰላ፣ መካሊ፣ ደገይን፣ ተንደላይ፣ መታተይብና ሀዳሊያ በሚባሉ ስድስት ክፍሎች ተከፈለ።

ኩባንያው የሚፈልገው ከሁሉ አስቀድሞ ጥጥ የሚያመርት እጅ ነበር። መሬቱን ለትጉህ ገበሬ ለመስጠት ሲል ከውጭ የመጡትን ሰዎች ስላስቀደመ፣ ሐደንደዋ የአባቶቻቸው ምድር በፊታቸው ለሌላ ሲታደል ተመለከቱ። ቅሬታውም እየበረታ ስለሄደ ኩባንያው በ1920 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1928) ገደማ ደልታውን ለቅቆ በምትኩ በገዚራ ሌላ መሬት ተሰጠው፤ ጋሽን የሚያስተዳድር የመንግሥት ቦርድም ቆመ፤ በመሬቱም ድልድል ለሐደንደዋ ቅድሚያ ተሰጣቸው።

የድልድሉ ሥርዓት ልዩ ነበር። ጎርፉ በየዓመቱ የሚያጠጣው መሬት ስፋቱ ስለሚለያይ ለአንድ ገበሬ የተወሰነ ማሳ ለዘለዓለም መስጠት አይቻልም። በዚህ የተነሣ ውሃው የደረሰበት መሬት በየዓመቱ ተለክቶ በዕጣ ይከፋፈል ነበር። ይህ ነገር ለላይኛው አገር ሰው እንግዳ አይደለም፤ በሐማሴንና በሠራዬ ብዙ መንደሮች ድየሳ በሚባለው ሥርዓት የመንደሩን መሬት በየጥቂት ዓመቱ በዕጣ ያደላድሉ ነበርና። የአንዱ ወንዝ ራስና ግርጌ ሳይተዋወቁ በአንድ ዓይነት ፍርድ ይኖሩ ነበር ማለት ነው። ዕጣ ድኻውንና ሀብታሙን እኩል ያደርጋል፤ ስለዚህም የተመሰገነ ነው። ጉዳቱ ግን የነገውን ማሳውን የማያውቅ ገበሬ እርከን ለመሥራትና ዛፍ ለመትከል ልቡ የማይነሣሣ መሆኑ ነው። ይህ ጉዳት በላይም በታችም ታይቷል።

በዚያው ጊዜ በኤርትራ በኩል ገዥው ያኮፖ ጋስፓሪኒ በተሰነይ ግድብና ቦይ አሠርቶ በዓሊ ግድር ጥጥ ያስተክል ጀመር። አንድ ውሃ ለሁለት ጥጥ ሲሆን ጠብ መምጣቱ ስለማይቀር እንግሊዝና ኢጣልያ በ1917 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1925) ሰኔ ላይ በሮማ ደብዳቤ ተለዋውጠው ስለ ጋሽ ተስማሙ። በስምምነቱ መሠረት ሱዳን በደልታው መስኖ ከምታገኘው ገቢ ከ50 ሺህ ፓውንድ በላይ ከሆነው 20 በመቶውን ለኤርትራ ትከፍላለች። በ1943 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1951) ሁለተኛ ስምምነት ሲደረግ አነስተኛው ፍሰት እኩል እንዲካፈልና የኤርትራ ድርሻ በዓመት ከ65 ሚሊዮን ኪዩቢክ ሜትር እንዳይበልጥ ተወሰነ። በዚያን ጊዜ ሱዳንም ኤርትራም በእንግሊዝ አስተዳደር ሥር ስለነበሩ ሰጪውም ተቀባዩም አንድ እጅ ነበር ቢባል ከእውነት አይርቅም።

ሆኖም የ1917ቱ ውል ሊመሰገን የሚገባው አንድ ነገር አለው። የታችኛው አገር በላይኛው አገር ውሃ ሲበለጽግ ከብልጽግናው ማካፈል እንደሚገባው አምኗል፤ እንዲህ ያለ ውል በዚያ ዘመን ብዙ አይገኝም። ጉድለቱ ደግሞ ክፍያው የውሃ ዋጋ ሆኖ መቅረቱ ነው። ስለ ኪዩቢክ ሜትርና ስለ ፓውንድ ሲሰላ፣ ውሃው ስለሚነሣበት ተዳፋት፣ ስለ ዛፉና ስለ እርከኑ ግን ስሌት አልተደረገም። በተራራው ላይ ያለው ገበሬ ማገዶ ሲቈርጥና ገደል ሲያርስ በታች ያለውን ቦይ እየደፈነ መሆኑን የነገረው አልነበረም፤ በታች ያለውም ቦዩን በየዓመቱ ሲጠርግ ደለሉ የማን ማሳ እንደ ነበረ አልጠየቀም።

የዚህ ውጤት ቀስ በቀስ ታየ። ዛፍ የተመነጠረበት ተዳፋት ዝናሙን አይዝም፤ ውሃው ባንድ ጊዜ ይወርዳል፤ ባንድ ጊዜ የወረደ ውሃም ብዙ ዐፈር ይጠርጋል። በቀድሞው ዘመን ያ ደለል በሰፊው ደልታ ላይ ተበትኖ ማሳ ይሆን ነበር። ወንዙ በከሰላ አጠገብ በግንብና በካብ ተወስኖ አንድ መንገድ እንዲይዝ ከተደረገ ወዲህ ግን ደለሉ በወንዙ ሆድ ውስጥ ተከማቸ፤ የወንዙም ወለል ከዓመት ወደ ዓመት ከፍ እያለ ሄደ፤ ካቡም ተከትሎት ከፍ አለ። በደልታው ቦዮች ላይ የደረሰውም ይኸው ነው። ጥጡ በ1960ዎቹ (እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጀመሪያ) ለጉሎ ቦታውን ለቀቀ፤ በኋላም ማሽላ ዋናው ሰብል ሆነ። ወደ ሱዳን በ1909 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1917) ገብቶ በኋላ አሸዋ እንዲያቆም በከሰላ አካባቢ የተተከለው መስኪት የሚባል እሾኻማ ዛፍም በተተወው ማሳና በደለል በተሞላው ቦይ እየተዛመተ የገበሬውንና የከብቱን መሬት ወሰደ።

በ1995 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 2003) ሐምሌ ላይ ጋሽ ካቡን ሰብሮ ከሰላ ከተማ ገባ። የከተማይቱን ግማሽ ያህል አጥለቀለቀ፤ ብዙ ሺህ ሰዎችም ቤት አልባ ሆኑ። ሙሉ ቤት ንብረቱ በአንድ ሌሊት የተወሰደበት የከሰላ ነዋሪ ደራሽ ውሃ መጣብኝ ማለቱ ትክክል ነው፤ ነገር ግን የመጣበት ውሃ ብቻ አልነበረም። ለብዙ ዓመታት በወንዙ ሆድ የተከማቸው ደለል የውሃውን ስፍራ ይዞበት ስለነበር ውሃው ወደ ሰው ስፍራ ገባ። ጎርፉ ከወረደ በኋላም ሕዝቡ ከየቤቱ ሲጠርግ የሰነበተው ከደጋ የመጣውን ጭቃ ነበር።

ስለ ጋሽ ስንጽፍ በአሁኑ ዘመን የሆነውን ሳናነሣ ማለፍ አይገባም። ባለፉት ስልሳ ዓመታት ከኤርትራና ከኢትዮጵያ በጦርነትና በረሃብ የተሰደዱ እጅግ ብዙ ሰዎች ወደ ሱዳን የገቡት በከሰላ በር ነው፤ በካርቱም ከኖሩት ወገኖቻችንም መጀመሪያ የቀመሱት የሱዳን ውሃ የጋሽ ጉድጓድ ውሃ የሆነ ብዙዎች ናቸው። በ2015 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 2023) ሚያዝያ ላይ በካርቱም ጦርነት በተነሣ ጊዜ ደግሞ ነገሩ ተገለበጠ፤ የካርቱም ነዋሪ ሸሽቶ ወደ ከሰላ መጣ። ሁለት ታላላቅ ወንዞች በደጃፉ የሚያልፉበት ሕዝብ ዘጠኝ ወር ከሚደርቅ ወንዝ ሥር የተከማቸውን ውሃ ከአገሬው ጋራ ይካፈል ጀመር። መረብ ካርቱም ባይደርስም ካርቱም ወደ መረብ ደረሰች። የጉድጓዱ ውሃ ለዚህ ሁሉ ሰው እንዲበቃ የሚያደርገው በየክረምቱ ከላይ የሚወርደው ጎርፍ ነው፤ ጎርፉ ቀስ ብሎ ከመጣ ወደ ምድር ይሰርጋል፤ ባንድ ጊዜ ከመጣ ግን ከተማ አፍርሶ ያልፋል።

ከዚህ ታሪክ የምንማረው፣ በበረሓ ዳር ለሚኖር ሕዝብ ውሃን መከፋፈል የሥራው እኩሌታ ብቻ መሆኑን ነው። አቡ ዊዳን ውሃውን ለመከልከል ሞከረ፤ ኩባንያው ውሃውን በጥጥ ለወጠ፤ ነገሥታቱና ቅኝ ገዦቹ ውሃውን በውል ወሰኑ። ሦስቱም የተመለከቱት ከወንዙ አፍ እንጂ ከወንዙ ራስ አልነበረም። ዛሬ ተፋሰሱን የሚካፈሉት ኤርትራ፣ ኢትዮጵያና ሱዳን አንድ ቀን ስለ መረብ ለመነጋገር ቢቀመጡ፣ ከድርሻ ክፍፍሉ ጋራ ስለ ተዳፋቱ ዐፈር መነጋገር ይኖርባቸዋል። በድባርዋ ዙሪያ የሚሠራ አንድ እርከን ለሐማሴኑ ገበሬ ማሳ ይጠብቃል፤ ለከሰላው ነዋሪ ደግሞ ካብ ይሆናል። የ1917ቱ ውል የታችኛው ለላይኛው መክፈል እንዳለበት ካመነ፣ ክፍያው ለእርከንና ለዛፍ ቢውል ለሁለቱም በተሻለ ነበር።

ይህን ለማስተማር ብዙ መሣሪያ አያስፈልግም። መምህሩ የአገሩን ካርታ በሰሌዳ ላይ ሲሰቅል ጣቱን ወደ ዓባይ ብቻ እንዳያመለክት ያስፈልጋል። ከድባርዋ ተነሥቶ፣ የጉንደትን ቆላ አልፎ፣ በተሰነይ በኩል እስከ ከሰላ የሚወርደውን ቀጭን መስመር ተማሪዎቹ በጣታቸው ይከተሉት፤ መስመሩ ከከሰላ በስተ ሰሜን ሲቋረጥም ለምን እንደ ተቋረጠ ይጠየቁ። መልሱን ፈልገው ሲያገኙ ከእግራቸው ሥር ያለው ዐፈር በክረምት ወዴት እንደሚሄድ፣ እዚያም ሲደርስ ማንን እንደሚመግብና የማንን ቤት እንደሚያፈርስ ያውቃሉ።